በሌሊት የሚመጣ ባሕር

በየአገሩ ተረት ውስጥ ሰው የሚውጥ ባሕር አለ። የግሪኮቹ ኦዲሴውስ ጓደኞቹን ያጣው በእንዲህ ያለ ባሕር ላይ ነው። የዐረቦቹ ሲንድባድም ደሴት መስሎት የወጣበት ምድር የዓሣ ጀርባ ሆኖ ተገኝቶበታል። በእኛም አገር ጥልቅ ውኃ ጋኔን ያድርበታል፤ በቀትር ወደ ወንዝ መውረድ አይገባም ሲባል ያልሰማ የለም። ይህን ሁሉ የአሮጊት ወሬ ነው ብሎ ማለፍ ለተማረ ሰው ቀላል ነው። እኛ ግን ከተረቱ ሥር ያለውን እውነት መመርመር ይሻላል ብለን፣ በሱዳን ጠረፍ ካለው ከመተማ ዮሐንስ ቆላ አንድ ምሳሌ ይዘን ቀርበናል። ምሳሌውም የጓንግ ወንዝ ነው።

1. ወንዙና ስሙ

ጓንግ ከጣና ሐይቅ በስተ ሰሜን ምዕራብ ካለው ደጋ ተነሥቶ ወደ መተማ ቆላ ይወርዳል፤ ሱዳን ሲገባም አትባራ ይባላል። በዚያ አንገረብንና ተከዜን ተቀብሎ፣ በጠቅላላው 800 ኪሎ ሜትር ያህል ከተጓዘ በኋላ ከዓባይ ጋር ይገናኛል። ከዚያ በታች ዓባይ እስከ ሜዲትራኒያን ድረስ ሌላ ገባር የለውም።

ባሕር የሚለው ቃል ለግዕዝም ለዐረብኛም የጋራ ነው። እኛ ሐይቁን ባሕር እንላለን፤ ባሕር ዳር ለዚህ ምስክር ናት። ሱዳኖች ደግሞ ታላቁን ወንዝ ባሕር ይሉታል፤ አንገረብንም ባሕረ ሰላም ብለው ሰይመውታል። ስለዚህ በዚያ ጠረፍ «ባሕሩ መጣ» የሚል ጩኸት ቢሰማ ተረት አይደለም፤ ወንዙ ደረሰ ማለት ነው።

2. የሚያስደንቀው ነገር

በሰኔ 1853 ዓ.ም. (እንደ አውሮፓ አቈጣጠር 1861) ሳሙኤል ቤከር የተባለ እንግሊዛዊ ተጓዥ በሱዳን ምድር በአትባራ ዳር ሰፍሮ ነበር። ወንዙ ደርቆ አሸዋ ብቻ ሆኖአል። እዚህም እዚያም በቀሩት ኩሬዎች ውስጥ ዓሣው፣ አዞውና ጉማሬው ተጨናንቀው ይኖራሉ። በዚያ ሰፈር ዝናብ አልነበረም። በሌሊት ግን ከሩቅ እንደ ነጐድጓድ ያለ ድምፅ ተሰማ፤ የአገሩም ሰዎች «ባሕር» እያሉ እየጮኹ በወንዙ ውስጥ የተኙትን ቀሰቀሱ። ሲነጋ፣ ትናንት አሸዋ የነበረው ቦታ በስፋቱ 450 ሜትር ያህል፣ በጥልቀቱም ከ4 ሜትር በላይ የሆነ ጭቃማ ውኃ ሞልቶት ታየ።

እንግዲህ አንባቢ ራሱ ይፍረድ። ሰማዩ ጥርት ብሎ ሳለ በሌሊት እየጮኸ የሚመጣ፣ የተኛውን ሰው የሚወስድ፣ በሆዱም አዞ የያዘ ውኃ ያየ ሰው ጋኔን አለበት ቢል ምን ያስደንቃል?

3. ምክንያቱ

ምክንያቱ የመሬቱ አቀማመጥ ነው። የጎንደር ከተማ ከባሕር ወለል በላይ ከ2,000 ሜትር የሚበልጥ ከፍታ ሲኖራት፣ የመተማ ቆላ ግን 700 ሜትር ገደማ ነው። የደጋው የክረምት ዝናብ በገደሉ ተንደርድሮ ወደ ሜዳው ይወርዳል፤ ከታች ያለው ሰው ግን ደመናውን አያይም። ደግሞም ዝናቡ ብዙ ጊዜ ከቀትር በኋላ ስለሚጥል፣ በተራራው ግርጌ ላሉ ወንዞች ጎርፉ የሚደርሰው አመሻሽ ላይ ወይም በሌሊት ነው።

ውኃው እንደ ግድግዳ ቆሞ የሚመጣበትም ምክንያት አለው። የፊተኛው ውኃ በደረቅ አሸዋ ይመጠጣል፤ ድንጋይና ቍጥቋጦም ያዘገየዋል። የኋለኛው ግን ጥልቅ ስለ ሆነ ይፈጥናል፤ ይደርስበትና ይደራረብበታል። ነጐድጓድ የሚመስለውም የዚህ ውኃና የሚያንከባልለው የድንጋይና የግንድ ድምፅ ነው።

ውኃው የሚጠቁረው በእኛው አፈር ነው። አትባራን ጥቁር ዓባይ የሚሉትም ስለዚህ ነው። በ1964 (እ.ኤ.አ.) ሱዳን በአትባራ ላይ የሠራችው የኸሽም አል ጊርባ ግድብ 1.3 ቢሊዮን ሜትር ኩብ ውኃ እንዲይዝ የታሰበ ነበር። ከዚህ ውስጥ ከግማሽ የሚበልጠውን ቦታ ደለል ወስዶታል።

4. ለእኛ የሚሰጠው ትምህርት

ከተማዋ ስማቸውን የያዘችው ዐፄ ዮሐንስ አራተኛ በመጋቢት 1881 ዓ.ም. ወደ መተማ የዘመቱት በበጋ ነበር። ወንዙ በሚሞላበት ወራት ይህን ያህል ጦር በዚያ ቆላ ማንቀሳቀስ እጅግ ይከብድ ነበር። ጎርፉ ሲጐድል ደግሞ የሚቀረው ኩሬ የወባ ትንኝ ይፈለፍላል። አባቶቻችን ንዳድ ብለው ከቆላው ክፉ አየር የቈጠሩት በሽታ በትንኝ እንደሚተላለፍ ሮናልድ ሮስ በ1897 (እ.ኤ.አ.) አረጋገጠ።

እንግዲህ ተረቱ ባዶ አልነበረም። «ጋኔን አለ፤ አትውረድ» ማለት ምክንያቱ ያልተነገረ የጥንቃቄ ሕግ ነው። ጕድለቱ ግን እዚህ ላይ ይገለጣል፤ ሕጉ የሚጠብቀው ተረቱን የሰማውንና ያመነውን ብቻ ነው። ዛሬ ሰሊጡንና ጥጡን ለማረምና ለመሰብሰብ ከደጋ ወደ መተማ የሚወርደው የቀን ሠራተኛ ወንዙን አያውቀውም። የተማረው ልጅ ደግሞ ጋኔኑን ስለማያምን ማስጠንቀቂያውንም አብሮ ይጥለዋል። ሁለቱም ያለ ጠባቂ ቀሩ ማለት ነው።

ስለዚህ ጋኔኑን ከሰው ልብ ስናወጣ በቦታው ምክንያቱን መተው አለብን። በክረምት በደረቅ ወንዝ ውስጥ መተኛት አይገባም። ውኃው በድንገት ከደፈረሰ፣ ቅጠልና ጭራሮ መንዳት ከጀመረ፣ ወይም ከላይ በኩል ጉርምርምታ ከተሰማ፣ ሰማዩ ቢጠራም ወደ ከፍታው መውጣት ነው። ፈጣን ውኃ እስከ ጕልበት ብቻ ቢደርስም ጐልማሳ ሰው ይጥላል፤ እስኪጐድል መጠበቅ ይሻላል። ማታም በአጎበር ውስጥ መተኛት ያስፈልጋል።

ከእኛ መካከል ለዕረፍት ወደ ጎንደርና ወደ ቆላው የሚሄድ ተማሪ ይህን ለሚያገኘው መንገደኛ ቢነግር የተማረውን በሥራ ላይ አዋለ እንላለን። ሽማግሌዎችም ስለ ወንዙ ሲያወሩ ቢሰማ አይሣቅ፤ ውኃው ከየት በኩል፣ በስንተኛው ወር፣ እስከ የትኛው ዛፍ እንደሚደርስ ጠይቆ ይጻፍ። የጎርፍ መለኪያ ባልተተከለበት ወንዝ ዳር መለኪያው የእነርሱ ትዝታ ነው።