ኮሜዲን ከበጅሮንድ ተክለ ሐዋርያት መማር

ወጣቱ፦ ጋሼ፣ ምክርዎን ፈልጌ ነው የመጣሁት። ከጓደኞቼ ጋር እዚሁ ሐረር ጀጎል ውስጥ ያለ ንግግር የሚያስቅ አጭር ፊልም ልንሠራ ነው። ቻርሊ ቻፕሊንን አርአያ አድርገናል። ከአገራችንስ ከማን እንማር?

ሽማግሌው፦ ደግ አስባችኋል። ቻፕሊንም እኮ መምህሬ የሚለው ሰው ነበረው፤ ማክስ ሊንደር የሚባል ፈረንሳዊ። እ.ኤ.አ. በ1905 በፓቴ ኩባንያ መተወን ጀመረ፤ በኋላም ፊልሞቹን ራሱ ያዘጋጅ ነበር። ረጅም ባርኔጣ ደፍቶ፣ የተከበረ ሰው መስሎ ይገባና መዓት ይወርድበታል። ዛሬ ስሙን የሚያነሳው ጥቂት ነው። እኛም ዘንድ የመጀመሪያውን የአማርኛ ኮሜዲ የጻፉልን ሰው በልጅነታቸው ሐረር የኖሩ ናቸው፤ በቴአትራቸው ግን ብዙም አይታወቁም።

ወጣቱ፦ ማን ናቸው?

ሽማግሌው፦ በጅሮንድ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም። እ.ኤ.አ. በ1884 ሸዋ ተወልደው፣ በልጅነታቸው ወደ ሐረር፣ ወደ ገዥው ራስ መኰንን ዘንድ መጡ። ገና ለጋ ሳሉ ጌታቸውን ተከትለው ዐድዋ ዘመቱ። ከዚያም ሩሲያ ተሻግረው የመድፈኛ ትምህርት ተማሩ።

ወጣቱ፦ መድፈኛን ከቴአትር ምን አገናኘው?

ሽማግሌው፦ የአውሮፓ ኑሯቸው ነዋ! እዚያ ቴአትር አይተው ሲመለሱ፣ እዚህ ቴአትር የሚባለው ዘፈንና ጭፈራ ሆኖ አገኙት። ነቅፈው ብቻ አልተዉትም፤ ራሳቸው ጽፈው አሳዩ። «ፋቡላ፦ የአውሬዎች ኮሜዲያ» ይባላል። የፈረንሳዊውን ገጣሚ የላ ፎንቴንን ተረቶች መነሻ አድርገው፣ የሹማምንቱን ብልሹነት በአውሬዎች አንደበት አወጡት። አዲስ አበባ ላይ ለመኳንንቱ ታየ።

ወጣቱ፦ መኳንንቱ ምን አሉ?

ሽማግሌው፦ ሰሙን ገልጠው ወርቁን አዩት። በንግሥት ዘውዲቱ ዘመን ታገደ፤ መድረኩም ለዓመታት ተዘጋ።

ወጣቱ፦ ልፋታቸው ከንቱ ቀረ ማለት ነው?

ሽማግሌው፦ እንዴት ተብሎ! ለውጥ ፈላጊነታቸው ሌላ መንገድ አገኘ። ጨርጨርን ሲያስተዳድሩ አሰበ ተፈሪን፣ የዛሬዋን ጭሮን ቆረቆሩ። በ1923 ዓ.ም. የወጣውን ሕገ መንግሥት አረቀቁ። በ1928 ዓ.ም. መባቻ ጣልያን ሊወረን ሲዘጋጅ፣ ጄኔቫ ላይ በመንግሥታቱ ማኅበር ፊት ለአገራቸው ተሟገቱ። የቀልዳቸው ክብደት ከዚህ ይታወቃል፤ በመድረክ የነቀፉትን አሠራር በሥራቸው ሊያቃኑት የደከሙ ሰው ናቸው።

ወጣቱ፦ እኛስ ምን እንያዝ?

ሽማግሌው፦ ካሜራ ከማንሳታችሁ በፊት በማን ላይ እንደምታስቁ ወስኑ። ተክለ ሐዋርያት የነኩት ባለሥልጣኑን ነው። ሊንደርም መሳቂያ ያደረገው ባለባርኔጣውን ነው። በየስልኩ የማየው ቀልድ ግን ገጠሬውን፣ አካል ጉዳተኛውን፣ አነጋገሩ የተለየውን ያዋርዳል። ደካማውን ረግጦ ማሳቅ ጥበብ አይደለም።

ወጣቱ፦ ያለ ንግግር መሆኑ አይጎዳንም?

ሽማግሌው፦ እንዲያውም ሐረር ላይ ይጠቅማችኋል። ፈረስ መጋላ አደባባይ ላይ ብታሳዩት ሐረሪው፣ ኦሮሞው፣ ሶማሌው፣ አማራው ያለ አስተርጓሚ አብሮ ይስቃል። ሥራው ግን ይከብዳል። በቃል የማትደግፉት ነገር በአካሄድ፣ በዓይን፣ በእጅ አጣጣል መታየት አለበት። ስለዚህ የምታሳዩትን ሰው ቀድማችሁ በደንብ አጥኑት።

ወጣቱ፦ ከማን እንጀምር?

ሽማግሌው፦ አንዲት ፊርማ ፍለጋ ከቢሮ ቢሮ የሚንከራተት ሰው አለ አይደል? በእሱ አታስቁ፤ «ነገ ተመለስ» እያለ የሚያመላልሰውን አሳዩ። ከዚያ ያ ባለሥልጣን ራሱ መጥቶ እንዲያየው ጋብዙት።