ሽቦ በኪሎ ይገዛል

ደብረ ብርሃን ላይ የሕንፃ መሣሪያ ሱቅ ከከፈትኩ ሰባት ዓመት ሆነኝ። በእነዚህ ዓመታት ሲሚንቶ ደርቆብኛል፣ ቀለም ረግቶብኛል፣ ቆርቆሮ የጫነ አይሱዙ ሸኖ ላይ ተበላሽቶብኝ ብርድ ላይ አድሬያለሁ። እንደ ሽቦ ግን ሰው ፊት ያሳፈረኝ ዕቃ የለም። ከመርካቶ ሽቦ ለመግዛት የምትነሳ ሁሉ፣ ለሱቅህም ይሁን ለራስህ አጥር፣ እኔ ገንዘብ ከፍዬ የተማርኩትን በነፃ ውሰድ።

መጀመሪያ የምትፈልገውን ለይ፤ ለአጥር የእሾህ ሽቦ፣ ለፌሮ ጥቁሩ ማሰሪያ፣ ለልዩ ልዩ ሥራ ዚንክ የተቀባው ነጭ ሽቦ፣ ለዶሮ ቤትና ለአሸዋ ወንፊቱ።

ቀጥሎ፣ መኪና ከመሳፈርህ በፊት ዋጋው ወዴት እያመራ እንደሆነ እወቅ። አገር ውስጥ የሚሠራው ሽቦ ጥሬ ዕቃው የውጭ ነው። 5.5 ወይም 6.5 ሚሊ ሜትር ውፍረት ያለው ጥቅል ብረት በጅቡቲ በኩል ይገባና ፋብሪካ ውስጥ ከሰፊ ወደ ጠባብ ቀዳዳ እየተጎተተ ይቀጥናል። ከቀጠነው ላይ ሚስማር ይቆረጣል፣ የእሾህ ሽቦ ይገመዳል፣ ማሰሪያው ደግሞ በእሳት ለስልሶ ይወጣል። ሦስቱም የአንድ እናት ልጆች ናቸው። ከሦስቱ ቶሎ የሚያልቀው ሚስማር ነው፤ በየቀኑ ይሸጣል፣ በየሳምንቱ ይተካል፤ ስለዚህ አዲስ ዋጋ መጀመሪያ የሚታየው እሱ ላይ ነው። እኔ ሽቦ ለመግዛት ሳስብ ሦስት ሱቅ ደውዬ የ8 ቁጥር ሚስማር በካርቶን ስንት እንደሆነ ነው የምጠይቀው። ሚስማር ከጨመረና ሽቦ ገና ካልጨመረ በማግስቱ እሄዳለሁ። ሚስማር ከቀነሰ ሻይ እጠጣለሁ።

የዶላሩን ነገር ደግሞ እንዲህ ተረዳው። ባለሱቁ ዋጋ የሚያወጣው ዕቃውን በገዛበት ብር አይደለም፤ ነገ በሚተካበት ብር ነው። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ብሔራዊ ባንክ የውጭ ምንዛሪ ተመኑን ለገበያ ሲለቅ፣ 57 ብር ገደማ የነበረው ዶላር በዚያው ቀን ወደ 74 ብር ገደማ ተሻገረ፤ በጥቂት ሳምንታት ውስጥ 100ን አለፈ። ያን ሰሞን መርካቶ ነበርኩ። መጋዘን ውስጥ ከፋሲካ በፊት የገባ፣ አቧራ የለበሰ ሽቦ «ዛሬ አንሸጥም» ተባለ። ተናደድኩ፤ ወደ ሱቄ ስመለስ ግን እኔም ያንኑ አደረግኩ። አሮጌ ዕቃ በአሮጌ ዋጋ ሸጠህ በአዲስ ዋጋ መተካት ካልቻልክ መደርደሪያህ ባዶ ይቀራል።

ለዚህም ነው ዓለም ላይ ብረት ሲረክስ እዚህ ላይታይ የሚችለው። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ2024 ቻይና ወደ ውጭ የላከችው ብረት ከ110 ሚሊዮን ቶን በላይ ነበር፤ ገበያው በብረት ተጥለቀለቀ፣ ዋጋም ወረደ። እኛ ጋ ግን የወረደውን የዶላር ዋጋ የብሩ መውረድ በላው። «ቻይና ላይ ረክሷል አሉ» ብሎ ሽቦ ሳይገዛ የከረመ ጓደኛ አለኝ፤ ምን እንዳተረፈ እስካሁን አልነገረኝም፣ እኔም አልጠየቅኩትም።

ከወራቱ ሁሉ እኔ የምወደው ነሐሴን ነው። ክረምት ላይ ግንባታ ይቀዘቅዛል፣ ጅምላ ሻጩም ገንዘብ ይፈልጋል። መስቀል ካለፈ በኋላ መሬቱ ሲደርቅ ገበሬውም ኮንትራክተሩም አንድ ላይ ይመጡና የመደራደር አቅምህ ያልቃል።

አሁን ወደ ዋናው ጉዳይ። እዚህ ላይ ቀስ ብለህ አንብብ።

በመጀመሪያው ዓመቴ አርባ ጥቅል የእሾህ ሽቦ ልገዛ ሄድኩ። ጅምላ ሻጩ «12 ቁጥር ነው ወንድሜ፣ ዓይንህን ጨፍነህ ውሰድ» አለኝ። ጨፍኜ ወሰድኩ። ከሌላው ሱቅ በጥቅል የተወሰነ ብር ይረክስ ስለነበር ራሴን እንደ ብልህ ነጋዴ ቆጥሬ፣ ጫጫ እስክደርስ ድረስ ትርፌን ሳሰላ ነበር።

ክረምቱ አልፎ አንድ የማከብራቸው አዛውንት ወደ ሱቄ መጡ። ቆርጠው ያመጡትን አንድ ክንድ ሽቦ መደርደሪያው ላይ አስቀመጡና «አንተ ልጅ፣ በሬው ገፍቶት እንኳ አይደለም፤ ተደግፎት ነው የበጠሰው» አሉኝ። ሽቦው ዝጓል። ያውም አንድ ክረምት ብቻ ነው ያየው። «አባባ፣ ፋብሪካው ነው እንጂ እኔ...» ብዬ ልጀምር ስል «ፋብሪካውን አላውቀውም፣ የማውቀው አንተን ነው» አሉኝ። ገንዘባቸውን መለስኩ። እሳቸው ከወጡ በኋላ የቀሩትን ጥቅሎች አንድ በአንድ ባስኩላ ላይ ጫንኳቸው። 25 ኪሎ ተብሎ የተሸጠልኝ ጥቅል 21 ኪሎ ይመዝናል። በአርባ ጥቅል ሲሰላ ከአንድ ኩንታል ተኩል በላይ አየር በብረት ዋጋ ገዝቻለሁ ማለት ነው።

ክብደቱ ግማሹ ጥፋት ብቻ ነበር። ሌላው ጥፋት «12 ቁጥር» የምትለው ቃል ውስጥ ተደብቋል። የሽቦ ቁጥር አንድ መለኪያ እንዳይመስልህ! ሁለቱ የእንግሊዝ መለኪያዎች እንኳ አይስማሙም፤ በአንደኛው 12 ቁጥር 2.77 ሚሊ ሜትር፣ በሌላው 2.64 ነው። በአንዱ የአሜሪካ መለኪያ ደግሞ 2.05 ብቻ ነው። ሦስቱም 12 ቁጥር ይባላሉ፤ ሻጩም ሳይዋሽ ሊያታልልህ ይችላል። በዚያ ላይ ቁጥሩ ሲጨምር ሽቦው ይቀጥናል እንጂ አይወፍርም። ቆርቆሮ በጌጅ የገዛ ሰው ይህን ያውቃል፤ ሽቦ ጋ ሲደርስ ግን የሚረሳው ብዙ ነው። የኔው ጥቅል ሲለካ 2 ሚሊ ሜትር ሆኖ ተገኘ።

«ዜሮ ነጥብ ሰባት ምናምን ሚሊ ልዩነት ምን ታመጣለች» እንዳትል። ብረቱ የሚሰላው በውፍረቱ ሳይሆን ውፍረቱ በራሱ ተባዝቶ ነው። የፌሮ ክብደት የምናወጣባትን ስሌት አስታውስ፤ ውፍረቱን በሚሊ ሜትር በራሱ ታባዛለህ፣ ለ162 ታካፍላለህ፣ የአንድ ሜትር ክብደት በኪሎ ይወጣል። 12 ሚሊ ፌሮ 0.888 የሚመዝነው በዚህች ስሌት ነው። ሽቦም ያው ብረት ስለሆነ ስሌቷ ትሠራለች። 2.5 ሚሊ ሽቦ በሜትር 38.6 ግራም ይመዝናል፤ 2 ሚሊው 24.7 ግራም። 2.77 ነው ብዬ የገዛሁት 2 ሆኖ ሲገኝ፣ ከብረቱ ግማሽ ያህሉ የለም ማለት ነው። ከ2.5 ላይ 0.1 ብቻ ብትጎድል እንኳ ከመቶ ኪሎ ስምንት ኪሎ ያህል ሄዷል።

ስለዚህ ሱቁ ደጃፍ ላይ ሆነህ ሦስት ጥያቄ ጠይቅ፣ በዚሁ ቅደም ተከተል። ስንት ሚሊ ነው? ጥቅሉ ሲመዘን ስንት ኪሎ ነው? ኪሎው ስንት ብር ነው? «በጥቅል ነው የምንሸጠው» ካለህ ጥቅሉን መዝነህ ዋጋውን ራስህ አካፍለው። መመዘን አይቻልም ካለህ ግን አመስግነህ ውጣ። ይህን የምለው በምሬት አይደለም፤ ጥሩ ሻጮች አሉ፣ እነሱ ባስኩላውን ራሳቸው ይጎትቱልሃል።

የኪሎ ዋጋ ብቻውንም እንዳያታልልህ። ቀጭን ሽቦ በኪሎ ብዙ ሜትር ስለሚወጣው «እንዲያውም ይረዝማል» ይሉሃል። እውነት ነው፣ ይረዝማል። በሬው ሲደገፈው ግን ርዝመቱ አያቆመውም። በሁለት ክር የተገመደ፣ ክሩ 2.5 ሚሊ የሆነ የእሾህ ሽቦ እሾሁን ጨምሮ በሜትር ወደ 100 ግራም ይጠጋል። ከ25 ኪሎ ጥቅል 250 ሜትር ገደማ ጠብቅ። «25 ኪሎው 350 ሜትር ይወጣዋል» የሚል ሰው ሽቦው ቀጭን እንደሆነ በራሱ አንደበት ነገረህ።

ስትለካ ክሩን ለካ። እሾሁ የተጠመጠመበት ቦታ ላይ ካሊፐር አሳርፈው «ይኸው፣ አየህ» የሚሉ አሉ፤ እሾሁ ሌላ ሽቦ ነው። ጫፉን ፈታ አድርገህ ከሁለቱ አንዱን ክር ብቻ ያዝ፣ ሦስት ቦታ ለካ። ካሊፐር ከሌለህ ደግሞ የኔን አቋራጭ ውሰድ፤ ክሩን የሚስማር ወገብ ላይ ሳታፈናፍን አሥር ጊዜ ጠምጥመው፣ የጠመጠምከውን በማስመሪያ ለክተህ ለአሥር አካፍል። 25 ሚሊ ከመጣ 2.5 ነው። ልጆች ይስቁብሃል፣ ይሳቁ።

ቀጥሎ ነጩ ሽፋን። አብረቅራቂ ሽቦ ሁሉ ጥሩ ዚንክ የለበሰ አይደለም፤ እንዲያውም በኤሌክትሪክ ስስ ሽፋን የተቀባው ነው ይበልጥ የሚያብረቀርቀው። በቀለጠ ዚንክ ውስጥ ተነክሮ የወጣው ዓመድማ ነው፣ ዕድሜውም ረጅም ነው። በደንብ ለበሰ የሚባለው 2.5 ሚሊ ሽቦ በካሬ ሜትር ወደ 240 ግራም ዚንክ ይይዛል፤ ስሱ የዚያን ሩብ እንኳ ላይደርስ ይችላል። በዓይን ለመለየት ከባድ ነው። እኔ ብዙ ስገዛ አንድ ክንድ ናሙና ይዤ እመለስና ሰማያዊውን ኮፐር ሰልፌት ውኃ ውስጥ እበጠብጣለሁ። ሽቦውን ለአንድ ደቂቃ እነክራለሁ፣ አወጣና አጥባለሁ፣ እንደገና እነክራለሁ። በመጀመሪያው ወይም በሁለተኛው ዙር የመዳብ ቀይ ቀለም ከለበሰና ሲታሽ አልለቅም ካለ ዚንኩ አልቋል፣ ብረቱ ወጥቷል። የአዛውንቱን ሽቦ በኋላ ስሞክረው አንድ ደቂቃ እንኳ አልቆየም። ጓንት አድርግ፣ ዕቃውንም ከማድቤት አርቅ፤ ሰማያዊው ውኃ መርዝ ነው።

የወንፊት ሽቦ ከፈለግክ አብዛኛው ከቻይና ነው የሚመጣው፤ ሄቤይ ግዛት ውስጥ አንፒንግ የምትባል ወረዳ በዚሁ ሥራ የታወቀች ናት። እሱንም እንደዚያው ክሩን ለካ፤ ቀዳዳው እኩል ሆኖ ክሩ የቀጠነ ሞልቷል።

ጥቁር ማሰሪያ ላይ ብዙ አትጨነቅ። ፒንሳ ይዘህ አምስት ስድስት ጊዜ አዙረው፤ በሦስተኛው ከተበጠሰ በደንብ አልለሰለሰም፣ ፌሮ ሠሪው ይረግምሃል። ላይ ላዩን ትንሽ ቢዝግ ችግር የለውም። ለአንድ ቶን ፌሮ ከ8 እስከ 10 ኪሎ ብታስብ ከሞላ ጎደል ይበቃሃል።

ሲከፈል ደረሰኝ ተቀበል፤ 15 በመቶው ቫት ዋጋው ውስጥ አለ ወይስ ከላይ ይጨመራል የሚለውን ግን ሂሳቡ ከመቆረጡ በፊት ጠይቅ። ደረሰኙ ላይ «ሽቦ 40 ጥቅል» ብለው እንዳይጽፉልህ። «2.5 ሚሊ፣ 1000 ኪሎ» ይባል። እኔ ያኔ የያዝኩት ደረሰኝ ጥቅል ብቻ ስለሚል፣ ተመልሼ ስሄድ ሻጩ ደረሰኙን እያሳየኝ «አርባ ጥቅል አልተቀበልክም?» አለኝ። ተቀብያለሁ። ምን እላለሁ?

ጫን፣ ሸራ አልብስ፣ ሂድ። ሱቅ ስትደርስ እርጥብ ከሆነ አትከምረው፤ አየር እንዲያገኘው አድርገህ እንጨት ላይ አስቀምጥ፣ አለበለዚያ ነጩ ሽቦ ዱቄት የመሰለ ዝገት ያወጣል፣ ደንበኛ ደግሞ አሮጌ ነው ብሎ ይሸሻል።

በመጨረሻ የራሴ ልማድ ናት፣ ከወደድክ ያዛት። ከምገዛው ጭነት ሁሉ ርዝመቷ አንድ መዳፍ የሆነች ቁራጭ እቆርጥና ከሱቁ ግድግዳ ላይ በተርታ እሰቅላለሁ፣ ሥሯ ላይ ውፍረቷንና የኪሎውን ዋጋ እጽፋለሁ። ገበያው ምን እንደሚመስል የሚጠይቀኝ ሰው ሲመጣ ወደ ግድግዳው አሳየዋለሁ። ዶላር በዘለለ ቁጥር ሁለት ነገር አንዱ ሆኗል፤ ወይ ዋጋው ከፍ ብሏል፣ ወይ ዋጋው ባለበት ቆሞ ቁራጯ ቀጥናለች። ዋጋው አልጨመረም የተባለበት ጭነት ላይ ነው 2.5 የነበረው 2.3፣ ከዚያ 2.2 ሆኖ የተገኘው። አንተም ብትሰቅል ቀኑን መጻፍ አትርሳ፤ እኔ የመጀመሪያዎቹን ሁለት ዓመታት ቁራጮች ቀን አልጻፍኩባቸውም፣ አሁን የቱ ከየቱ እንደሚቀድም አላውቅም።