የሚማታ ልጅና የሚረታ ቤት

ሰው በዕድሜው ሁሉ አብዝቶ እጁን የሚሰነዝረው በጉርምስናው ሳይሆን በ2 እና በ3 ዓመቱ ገደማ ነው። ካናዳዊው ተመራማሪ ሪቻርድ ትራምብሌ ልጆችን ከጨቅላነታቸው ጀምሮ ለዓመታት ተከታትሎ እንዳሳየው፣ መምታትና መግፋት በዚህ ዕድሜ ጣራ ይነካል፤ ልጁ አፉን ሲፈታና ተራ መጠበቅ ሲለምድ ደግሞ እየቀነሰ ይሄዳል። ስለዚህ መጠየቅ ያለበት ልጁ መማታትን ከየት ተማረ የሚለው ብቻ አይደለም፤ እኩዮቹ የተዉትን እሱ ለምን አልተወም የሚለውም ነው።

የ8 ዓመት ልጃቸው ታናሽ እህቱን እንደሚደበድብ፣ እናቱን እንደሚነክስ፣ ከትምህርት ቤትም «ውሰዱልን» እንደተባለ የጻፉልን አንዲት እናት የጠየቁትም በመሠረቱ ይህንኑ ነው። ሰፈርተኛው «አሳዳጊ የበደለው» ብሎታል። ስድቡ ለማንም አይበጅም፤ ያለ አሳዳጊው ግን መፍትሔ የለም።

አንድ ሰሞን የበጠበጠ ልጅ ሁሉ የባህሪ መታወክ አለበት አይባልም። የአሜሪካ የሥነ አእምሮ ሐኪሞች ማኅበር እ.ኤ.አ. በ2013 ባወጣው መመዘኛ መሠረት፣ ቁጡነትና እምቢተኝነት የሚጎላበት መታወክ ነው ለማለት ምልክቶቹ ቢያንስ 6 ወር መዝለቅ አለባቸው። ሰውን ማጥቃት፣ ንብረት ማውደምና መስረቅ ያለበት ከበድ ያለው ዓይነት ደግሞ በ12 ወር ውስጥ በታዩ ድርጊቶች ይመዘናል። ከሁለቱም ጋር ኤዲኤችዲ (ትኩረት የማጣትና የመቅበጥበጥ መታወክ) ብዙ ጊዜ አብሮ ይገኛል። ቁጣው ሌላ ችግር ሸፍኖም ሊሆን ይችላል። ማንበብ ያቃተው ልጅ ደብተር ሲወጣ ይረብሻል፤ ጆሮው በደንብ የማይሰማው «አይታዘዝም» ይባላል፤ በቶንሲል ምክንያት ሌሊቱን ሲያንኮራፋ የሚያድር ልጅ ቀን ይነጫነጫል። ጦርነት ወይም መፈናቀል ያየ ልጅ ከኋላው ቢነኩት እንኳ ደንግጦ ሊማታ ይችላል። ምርመራ ከምክር የሚቀድመው ለዚህ ነው።

ቁጣ በቤት ውስጥ እንዴት ሥር እንደሚሰድ በግልጽ ያስረዳው አሜሪካዊው የሥነ ልቦና ባለሙያ ጄራልድ ፓተርሰን ነው፤ ትንታኔውንም እ.ኤ.አ. በ1982 በመጽሐፍ አሳትሟል። አንድ ምሽት ነገሩን ለማየት ይበቃል። እናት «ሞባይሉን አስቀምጥና እራትህን ብላ» ትላለች። ልጁ አይሰማም። ስትቆጣ ይጮኻል፤ ልትነጥቀው ስትል ብርጭቆውን ወርውሮ ይሰብራል። ይሄኔ አያት «ስጪው ባክሽ፣ ሰው ምን ይላል!» ይላሉ። ሞባይሉ ይመለሳል፤ ቤቱም ጸጥ ይላል። ልጁ ብርጭቆ መወርወር እንደሚያዋጣ ተማረ፤ እናትም መረታት ዕረፍት እንደሚሰጥ ተማረች። ሁለቱም የፈለጉትን ስላገኙ ነገሩ በማግስቱ ይደገማል፤ ያኔ ደግሞ የሚጀመረው ከጩኸት ሳይሆን ከብርጭቆው ነው። ተከራዮች በአንድ ግድግዳ በሚለያዩበት ግቢ የጎረቤት ጆሮ የእናትን መረታት ያፋጥነዋል።

ዱላም የዚሁ ንግድ ሌላ ፊት ነው። ልጁ ለጊዜው ጸጥ ስለሚል የመታው ሰው የሠራለት ይመስለዋል። ልጁ የሚይዘው ግን ጉልበት ያለው ይረታል የሚለውን ነው፤ ጉልበቱንም ታናሹ ላይ ይሞክረዋል። ቁንጥጫና በበርበሬ ማጠንም ከዚህ አይለዩም። የኢትዮጵያ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 36 ሕፃናትን በትምህርት ቤትና በማሳደጊያ ተቋማት ከአካል ቅጣት ይጠብቃል፤ በማስመሪያ የሚማታ መምህርም የሚጥሰው ይህንኑ ነው።

ይህን ልማድ የመለወጡ ሥራ ከደብተር ይጀምራል። ለሁለት ሳምንት ያህል ከእያንዳንዱ ቁጣ በፊት የነበረው፣ ልጁ ያደረገውና ወዲያው ያገኘው ይጻፋል። ብዙ ጊዜ ሰዓቱ ራሱ ይናገራል፦ ልጁ ከትምህርት ቤት ተርቦ ሲገባ፣ የቤት ሥራ ሲነሳ፣ የመኝታ ሰዓት ሲያልፍ። መክሰስ አስቀድሞ በማቅረብ ብቻ የሚቀር ጠብ አለ።

በፓተርሰን ሥራ ላይ የተመሠረቱት የወላጆች ሥልጠናዎች ከቅጣት አይነሱም። ወላጅ በየቀኑ 10 ደቂቃ ያህል፣ ሳያዝዝና ሳያርም፣ ልጁ በመረጠው ጨዋታ አብሮት ይጫወታል። ቀጥሎ ምስጋና ይመጣል። ልጅን ፊት ለፊት ማመስገን ያባልገዋል ተብሎ በሚፈራበት ቤት ይህ ከሁሉ ይከብዳል፤ ከሁሉ የሚሠራውም እሱ ነው። ምስጋናው ድርጊቱን መጥራት አለበት፦ «እህትህ ስትነጥቅህ ሳትመታት ለእኔ ነገርከኝ፤ ጎበዝ።» ትእዛዝም አንድ በአንድ፣ አጭርና ቀረብ ብሎ የሚነገር ይሁን።

መረታት ሲቆም ቁጣው ከመብረዱ በፊት ይብሳል። አብዛኛው ቤተሰብ «አልሠራም» ብሎ የሚተወው እዚህ ላይ ነው፤ በሦስተኛው ቀን የተረታ ቤት ልጁን የበለጠ መጮህ እንዳለበት አስተማረው ማለት ነው። አባትም አያትም አስቀድመው ካልተስማሙ ባይጀመር ይሻላል። ልጁ ሰው ሲመታ ጨዋታውም ሞባይሉም ቀርተው ብቻውን ጥቂት ይቀመጣል፤ መለኪያው ለዕድሜው በየዓመቱ 1 ደቂቃ ያህል ነው። በር መቆለፍም ሆነ ጨለማ ክፍል አይፈቀድም። ተግሳጹ ንዴቱ ከበረደ በኋላ ይድረስ።

ኤዲኤችዲ ወይም ኦቲዝም ካለ መድኃኒት ቁጣውን ሊያቀልለው ይችላል፤ የሚያዘው ግን ሐኪም ነው። ጸበል የሚያስጠምቁ ቤተሰቦችም ሕክምናውን ማቋረጥ የለባቸውም።

ቢላ የሚያነሳ፣ እሳት የሚለኩስ፣ እንስሳ የሚያሰቃይ ወይም «ልሙት» የሚል ልጅ ግን ሁለት ሳምንት አይጠበቅም፤ ወዲያውኑ ወደ ሕክምና ይወሰዳል። አዲስ አበባ ውስጥ የካቲት 12 ሆስፒታል የሕፃናት የአእምሮ ሕክምና ክፍል አለው፤ በሌሎች አካባቢዎች በጤና ጣቢያ በኩል ሪፈር ማጻፍ ይቻላል። ጠያቂዋ እናት ለቀጠሮው ደብተሩን ይዘው፣ ከተቻለም የልጁን አባት አስከትለው ይሂዱ።