ትምህርት 12፦ አድራጊና ተደራጊ ግስ — «መረጠ» እና «ተመረጠ»

ሀ. መግቢያ

ግስ መልኩን በለወጠ ቁጥር የዐረፍተ ነገሩም ባለቤት ይለወጣል። በዚህ ትምህርት «መረጠ» የሚለውን ግስ ምሳሌ አድርገን ይህን ለውጥ እንመለከታለን። በቅድሚያ የሚከተለውን ምንባብ በጥሞና አንብቡ።

ለ. ምንባብ፦ እንደራሴ በማን ተመረጠ?

በኢትዮጵያ የመጀመሪያው የጽሑፍ ሕገ መንግሥት የታወጀው ሐምሌ 9 ቀን 1923 ዓ.ም. ነው። በእርሱም መሠረት የሕግ መወሰኛና የሕግ መምሪያ የተባሉ ሁለት ምክር ቤቶች ተቋቋሙ። የሕግ መወሰኛው አባላት በንጉሠ ነገሥቱ ሲሾሙ የሕግ መምሪያው አባላት ግን ተመረጡ። ይሁን እንጂ የመረጧቸው መኳንንቱና የየአገሩ ሹማምንት ነበሩ። ሕገ መንግሥቱ ይህ አሠራር ሕዝቡ ራሱ ለመምረጥ እስኪበቃ ድረስ እንዲቆይ ደንግጎ ነበር።

ያ ጊዜ እስኪደርስ ከ20 ዓመት በላይ አለፈ። ጥቅምት 24 ቀን 1948 ዓ.ም. የታወጀው የተሻሻለው ሕገ መንግሥት ዕድሜው 21 ዓመት የሞላ ኢትዮጵያዊ፣ ወንድም ሆነ ሴት፣ እንዲመርጥ ፈቀደ። አገሪቱ እያንዳንዳቸው 200,000 ያህል ሕዝብ ባላቸው የምርጫ ወረዳዎች እንድትከፈልና ከየወረዳው ሁለት እንደራሴዎች እንዲመረጡ ተወሰነ። በ1950 ዓ.ም. መግቢያ ሕዝቡ ለመጀመሪያ ጊዜ ድምፁን ሰጠ። በዚያ ምርጫ መምህርትና ደራሲ የሆኑት ወይዘሮ ስንዱ ገብሩ ተመርጠው የመጀመሪያዋ ሴት እንደራሴ ሆኑ።

ይሁንና ዕጩ ለመሆን 25 ዓመት መሙላትና በሕግ የተወሰነውን ያህል ንብረት መያዝ ግዴታ ነበር። ስለዚህ ንብረት የሌለው ድኻ ይመርጣል እንጂ አይመረጥም ነበር። ይህ ምክር ቤት መስከረም 2 ቀን 1967 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋን ሲወርዱ ተበተነ።

አሁን ደግሞ የአንዲትን ትንሽ የአውሮፓ አገር ታሪክ እናነጻጽር። ሊክተንስታይን በስዊዘርላንድና በኦስትሪያ መካከል የምትገኝ፣ ስፋቷ 160 ካሬ ኪሎ ሜትር፣ ሕዝቧ 40,000 ገደማ የሆነ አገር ናት። በየ4 ዓመቱ 25 እንደራሴዎች ይመረጡባታል። ይሁን እንጂ የአገሪቱ ወንዶች በ1963 እና በ1965 ዓ.ም. በሰጡት ድምፅ የሴቶችን የመምረጥ መብት ሁለት ጊዜ ነፍገዋል። መብቱ የተፈቀደው በ1976 ዓ.ም. ነው። ከዚያ በፊት «የሊክተንስታይን ሕዝብ እንደራሴዎቹን መረጠ» ሲባል «ሕዝብ» የሚለው ቃል ግማሹን ሕዝብ አይጨምርም ነበር ማለት ነው።

ሐ. ማብራሪያ

1. «ሕዝቡ እንደራሴዎቹን መረጠ።» እዚህ ላይ «ሕዝቡ» ባለቤት፣ «እንደራሴዎቹን» ተሳቢ፣ «መረጠ» አድራጊ ግስ ነው። ድርጊቱን የፈጸመው ማን እንደ ሆነ በግልጥ ይታወቃል።

2. «እንደራሴዎቹ በሕዝቡ ተመረጡ።» ግሱ በመነሻው «ተ»ን በመጨመሩ ተደራጊ ሆኗል፤ ተሳቢ የነበረውም ስም ባለቤት ሆኗል። አድራጊው «በ»ን ይዞ ይመጣል፤ ሊቀርም ይችላል።

3. «አስመራጭ ኮሚቴው ሕዝቡን እንደራሴዎቹን አስመረጠ።» ግሱ «አስ»ን በመጨመሩ አስደራጊ ሆኗል። ኮሚቴው ሥራውን ያስፈጽማል እንጂ አይመርጥም።

ማስታወሻ፦ «እንደራሴዎቹ ተመረጡ» ብቻ ብንል ሰዋስዋዊ ስሕተት የለበትም። ነገር ግን የ1923ቱም ሆነ የ1950ው አመራረጥ በዚሁ በአንድ ቃል ይገለጣል። በሁለቱ መካከል ያለው ልዩነት የሚታየው «በማን?» ብለን ስንጠይቅና አድራጊውን በስሙ ስንጠራ ነው። ስለዚህ ተደራጊ ግስ ባያችሁ ጊዜ ሁሉ ይህን ጥያቄ ጠይቁ።

መ. ወደ ድርሰት

ቃለ ጉባኤ ስንጽፍ ይህ ሕግ እጅግ ያስፈልገናል። በቦሌ አራብሳ እንዳሉት ባሉ የጋራ መኖሪያ ቤቶች፣ በአዋጅ ቁጥር 370/1995 መሠረት የቤት ባለቤቶች ማኅበር ይቋቋማል፤ ማኅበሩም የሕንፃውን የጋራ ጉዳይ የሚመሩ ሰዎችን ይመርጣል። ሁለት ጸሐፊዎች የጻፉትን አስተያዩ፦

የመጀመሪያው ጸሐፊ፦ «ገንዘብ ያዥ ተመረጠ።»

ሁለተኛው ጸሐፊ፦ «በስብሰባው የተገኙት የቤት ባለቤቶች እጅ በማውጣት ገንዘብ ያዥ መረጡ።»

ከመጀመሪያው ዐረፍተ ነገር ገንዘቡን ለማን አደራ የሰጠው ማን እንደ ሆነ አናውቅም። ሁለተኛው ግን ይነግረናል። «ነዋሪዎቹ መረጡ» አለማለቱንም ልብ በሉ፤ ተከራይ ነዋሪ ቢሆንም የማኅበሩ አባል ስላልሆነ ድምፅ አልሰጠምና። ትክክለኛውን ባለቤት መምረጥ ትክክለኛውን ግስ የመምረጥ ያህል ያስፈልጋል።

ሠ. መልመጃ

1. ከምንባቡ ውስጥ አምስት ተደራጊ ግሶችን አውጡ፤ የእያንዳንዱም አድራጊ ተገልጦ እንደ ሆነ ተናገሩ።

2. መራጭ፣ ተመራጭ፣ አስመራጭ፣ ምርጫ፣ ምርጥ፦ እነዚህን ቃላት እያስገባችሁ ዐረፍተ ነገር ሥሩ።

3. «ይመርጣል እንጂ አይመረጥም» የሚለው ሐረግ ምን ማለት እንደ ሆነ በሦስት ዐረፍተ ነገር አብራሩ።

4. በሥራ ላይ ባለው የ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት መሠረት 18 ዓመት የሞላው ዜጋ የመምረጥ መብት አለው። እናንተም ከጥቂት ዓመታት በኋላ ከዚህ ዕድሜ ትደርሳላችሁ። በሰፈራችሁ ወይም በክፍላችሁ ስለ ተካሄደ አንድ ምርጫ የአንድ ገጽ ድርሰት ጻፉ። ማን መረጠ? ማን ተመረጠ? ማን አስመረጠ? ሳይመርጥ የቀረስ ማን ነው?