መጠበቅና መተርጐም፦ መጽሐፈ ሄኖክ በጥንታዊት ቤተ ክርስቲያንና በግእዙ ትውፊት

መግቢያ

መጽሐፈ ሄኖክ 108 ምዕራፎቹ ሳይጎድሉ ሙሉ ሆኖ የሚገኘው በግእዝ ብቻ ነው። ጀምስ ብሩስ እ.ኤ.አ. በ1773 ቅጂዎቹን ከኢትዮጵያ ወደ አውሮፓ ካደረሰ፣ ሪቻርድ ሎረንስም በ1821 ወደ እንግሊዝኛ ከተረጐመው ወዲህ መጽሐፉ ሰፊ ጥናት ተካሂዶበታል። በጥናቶቹ ውስጥ ግን ኢትዮጵያ ብዙ ጊዜ የምትታየው ሌሎች የተዉትን መጽሐፍ እንዳቆየች ግምጃ ቤት ብቻ ነው። ይህ ጽሑፍ አንድ የትርጓሜ ክርክርን በመከተል፣ መጽሐፉ በኢትዮጵያ የቆየው እየተነበበና እየተተረጐመ መሆኑን ያሳያል።

የክርክሩ መነሻ

ዘፍጥረት ምዕራፍ 6 «የእግዚአብሔር ልጆች» የሰውን ሴቶች ልጆች እንዳገቡ ይተርካል፤ እነማን እንደ ሆኑ ግን አይገልጽም። መጽሐፈ ሄኖክ ከ6ኛው ምዕራፍ ጀምሮ መልስ ይሰጣል፦ 200 መላእክት በአርሞንኤም ተራራ ላይ ወርደው፣ በመሐላ ተሳስረው ሴቶችን አገቡ፤ ለሰው ልጅም ያልተፈቀደ ዕውቀት አስተማሩ።

በ2ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ሰማዕቱ ዮስጢኖስ ይህን ንባብ ተቀብሎ ጽፏል። ጠርጡልያኖስ ደግሞ መጽሐፉን በግልጽ ተከላክሎለታል። የይሁዳ መልእክት በቍጥር 14 እና 15 የሄኖክን ትንቢት መጥቀሱን በማስረጃነት አቅርቧል፤ ከጥፋት ውሃ በፊት የተጻፈ መጽሐፍ እንዴት ሊተርፍ ቻለ ለሚሉትም ኖኅ የአያቶቹን ትምህርት እንደ ጠበቀ መልሷል።

በ3ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ዩልዮስ አፍሪካኖስ «የእግዚአብሔር ልጆች» የሴት ዘሮች ናቸው የሚለውን ንባብ አቀረበ። ኋላም ዮሐንስ አፈወርቅና አውግስጢኖስ አጸኑት። የአፈወርቅ ዋና ምክንያት መላእክት ረቂቃን ስለሆኑ አያገቡም የሚል ነበር። አውግስጢኖስ በበኩሉ ይሁዳ ስለ መሰከረ ሄኖክ አንዳች ነገር መጻፉን አልካደም፤ በስሙ የሚነገሩትን መጻሕፍት ግን እጅግ ጥንታዊ መባላቸው ለጥርጣሬ ስለሚያጋልጣቸው ከቀኖና ውጭ አድርጓቸዋል። እንደ ሄሮኒሞስ ምስክርነት ጥርጣሬው ወደ ይሁዳ መልእክትም ተሻግሮ፣ ሄኖክን በመጥቀሱ ብዙዎች መልእክቱን አልተቀበሉትም ነበር። በዚህ አካባቢ ትርጓሜው ሲለወጥ መጽሐፉም አብሮ ተገለለ።

ከእስክንድርያ ወደ አክሱም

በአክሱም የሆነው ከዚህ ይለያል። ፍሬምናጦስን ጳጳስ አድርጎ የሾመው የእስክንድርያው አትናቴዎስ ነው። ይኸው አትናቴዎስ በ367 በጻፈው 39ኛው የፋሲካ መልእክቱ የቀኖና መጻሕፍትን ሲዘረዝር ሄኖክን አላካተተም፤ በሄኖክ ስም የሚጠሩ መጻሕፍትንም ነቅፏል። የግእዙ ትርጉም ከግሪክ የተዘጋጀው ከ4ኛው እስከ 6ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ባለው ጊዜ እንደ ሆነ በብዙ ሊቃውንት ይታመናል። ስለዚህ የኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን መንበረ ማርቆስን እናት አድርጋ ብትቀበልም የመጻሕፍት ቍጥሯን ከአንድ ዝርዝር ገልብጣ አልወሰደችም።

ሁለቱ ንባቦች በኢትዮጵያ

መጽሐፉን መቀበል ክርክሩን አልዘጋውም። በ14ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የተጠናቀረው ክብረ ነገሥት በ100ኛው ምዕራፉ አዳምን የነቀፉ መላእክት ሥጋ ለብሰው ከቃየል ልጆች ጋር እንደ ተዋሐዱ ይተርካል። በአንድምታው ትምህርት የጸናው ግን ሌላው ንባብ ነው፦ ከደብር ቅዱስ ወርደው ከደቂቀ ቃየል ጋር የተደባለቁት ደቂቀ ሴት ናቸው። ይህ የአፍሪካኖስና የአፈወርቅ መልስ ነው፤ ውጤቱ ግን ተቃራኒ ሆኗል። ሌሎቹ መጽሐፉን በመተው የፈቱትን ችግር የኢትዮጵያ መምህራን መጽሐፉን ይዘው በትርጓሜ ፈቱት።

መጽሐፉ ከዘፍጥረት ጥያቄ ውጭም አገልግሏል። ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ በመጽሐፈ ሚላድ ስለ ወልደ ሰብእ የሚናገሩትን የሄኖክ ክፍሎች ለነገረ ክርስቶስ ማስረጃ አድርጎ ጠቅሷል። ክፍሎቹ የሚገኙት ከ37 እስከ 71 ባሉት ምዕራፎች ነው፤ እነዚህም ምዕራፎች በቁምራን ከተገኙት የአራማይክ ቍርጥራጮች መካከል የሉም። ንጉሡ ክርክሩን የመሠረተው እንግዲህ ዛሬ በግእዙ በኩል ብቻ በሚታወቅ ክፍል ላይ ነው።

ማጠቃለያ

የግእዝ ቅጂዎች በሁለት ወገን ይከፈላሉ፤ አንዱ የቀደመ፣ ሌላው በኋለኞች ሊቃውንት የታረመ ነው። የመጀመሪያውን ቃል ለሚፈልግ አዘጋጅ ሁለተኛው ወገን እንደ ብልሽት ሊቈጠር ይችላል። ለትርጓሜ ታሪክ ተመራማሪ ግን እርማቱ ራሱ የንባብ ምስክር ነው፤ መጽሐፉን የሚያነብ፣ የሚጠይቅና የሚያቃና ትውልድ እንደ ነበረ ያመለክታል። ስለዚህ ወደፊት የሚካሄዱ ጥናቶች የቅጂዎቹን ልዩነት ከአንድምታው ጋር አቀናጅተው ቢመረምሩ፣ የጠፋውን የግሪክና የአራማይክ ጽሑፍ ከመፈለግ ባሻገር የግእዙን አንባቢ በመጽሐፉ ታሪክ ውስጥ ተገቢ ስፍራውን ያሰጡታል።