የአሥራ ሦስት ወር ፀሐይና የባትሪው ሣጥን
ትምህርት ለማኅበረ ምእመናንና ለፕሮጀክት ሠራተኞች



ከቂርቆስና ከካዛንቺስ ማኅበረ ምእመናን ዘንድ ደጋግሞ የሚደርሰን አንድ ጥያቄ አለ። ይኸውም «መብራት ለሌለው የገጠር ጤና ኬላ የፀሐይ ኃይል መሣሪያ ለመስጠት አስበናል፤ ስንት ብር እናዋጣ?» የሚል ነው። አሳቡ ደስ ያሰኘናል። በገጠር ያሉ የፕሮጀክት ሠራተኞቻችን የሚጠይቁን ግን ሌላ ነው፤ «ባትሪው ሲሞት ማን ይተካልን?» ይሉናል። የመጀመሪያው የሰጪ ጥያቄ ነው፤ ሁለተኛው የተቀባይ። ሁለቱ ሳይገናኙ የተሰጠ ስጦታ በሦስተኛው ዓመት ጣሪያ ላይ የተሰቀለ ጌጥ ሆኖ ይቀራል፤ በሌሊት ምጥ ይዟት የመጣች እናትም ወደ ኩራዙ ትመለሳለች። ስለዚህ ነገሩን ከሥሩ እናጥናው። ጥቂት ሒሳብ ስላለበት ጽሑፉ በጉባኤ ሲነበብ አንድ ሰው እርሳስና ወረቀት ይዞ ቢቀመጥ መልካም ነው።

የተሰጠን ፀሐይ ምን ያህል ነው?

አገራችን ከምድር ወገብ በስተ ሰሜን ከ3 እስከ 15 ዲግሪ ባለው መካከል ትገኛለች። አቶ ሀብተ ሥላሴ ታፈሰ ለቱሪዝም ያወጡት «የአሥራ ሦስት ወር ፀሐይ» የሚለው መፈክር እንግዳ ለመሳብ የተባለ ቢሆንም በመለኪያ ሲታይም ከእውነት የራቀ አይደለም። በአማካይ በአንድ ካሬ ሜትር መሬት ላይ በቀን 5.2 ኪሎ ዋት ሰዓት ያህል የፀሐይ ኃይል ይወርዳል። ይህም የቀትር ፀሐይ በሙሉ ኃይሏ አምስት ሰዓት ያህል ብታበራ የምትሰጠው ማለት ነው። ሐምሌ ላይ ወደ 4.5 ዝቅ ይላል፤ በየካቲትና በመጋቢት ወደ 5.5 ከፍ ይላል። ቦታም ይለያያል፤ በጋምቤላ ቆላ አነስ ሲል በአዲግራት በኩል ከ6 ያልፋል።

በጀርመን አገር ይኸው መጠን በቀን 3 ገደማ ብቻ ነው። ሆኖም ጀርመኖች በዚያች በደከመች ፀሐይ እ.ኤ.አ. እስከ 2024 መጨረሻ ከ90 ሺህ ሜጋ ዋት በላይ የሚያመነጩ ሰሌዳዎች ተክለዋል። ቻይና በዚያው በ2024 ብቻ ከ250 ሺህ ሜጋ ዋት በላይ ጨምራለች። ጎረቤታችን ግብፅም በአስዋን አጠገብ በቤንባን በረሃ እ.ኤ.አ. በ2019 ትልቅ የፀሐይ ማመንጫ አቁማለች። ለዚህ ሁሉ መነሻው የዋጋው መውረድ ነው። እ.ኤ.አ. በ1954 በአሜሪካ የቤል ቤተ ሙከራ የተሠራው የሲሊኮን ሰሌዳ ከወደቀበት ብርሃን ከመቶ 6 ያህሉን ብቻ ወደ ኤሌክትሪክ ይለውጥ ነበር፤ ዛሬ በገበያ ያለው ከመቶ 20 ያልፋል። እ.ኤ.አ. በ1977 አንድ ዋት የሚሰጥ ሰሌዳ ከ70 ዶላር በላይ ያወጣ ነበር፤ ዛሬ ግማሽ ዶላር አይሞላም።

በእኛ አገር ታላላቅ የፀሐይ ማመንጫዎች ከዕቅድ ወደ ሥራ መሻገር አቅቷቸው ቆይተዋል። በመተሐራ 100 ሜጋ ዋት እንዲሠራ እ.ኤ.አ. በ2017 ለጣሊያኑ ኤኔል ጨረታ ተሰጠ። በ2019 ደግሞ የሳውዲው አክዋ ፓወር በዲቼቶና በጋድ እያንዳንዳቸው 125 ሜጋ ዋት የሚሰጡ ሁለት ማመንጫዎች ሊሠራ አሸነፈ፤ የኪሎ ዋት ሰዓቱ ዋጋ 2.5 የአሜሪካ ሳንቲም ገደማ ነበር። ሁሉም በታሰበላቸው ጊዜ ሳይሠሩ ቀሩ። ፀሐይ አንሳ አይደለም፤ የውጭ ምንዛሪ ጉዳይ ትልቅ መሰናክል ሆኖ ነው።

ውሃውና ፀሐይዋ

በካዛንቺስ መብራት ሲጠፋ መጀመሪያ የሚሰማው የሆቴሎቹ ጄኔሬተር ድምፅ ነው። ትንሹ ቤት ደግሞ ሻማ ያበራል። ለመሆኑ መብራቱ ከየት ይመጣል? ብዙ ሰው «ከመብራት ኃይል» ብሎ ያልፈዋል፤ መልሱ ግን ውሃ ነው። የአገሪቱ ኤሌክትሪክ ከመቶ ከ90 በላይ የሚሆነው ከወንዞቻችን ይመነጫል። በ1952 ዓ.ም. ሥራ የጀመረው የቆቃ ግድብ 43 ሜጋ ዋት ያህል ይሰጥ ነበር። በ2009 ዓ.ም. የተመረቀው ግልገል ጊቤ ሦስተኛ 1870 ሜጋ ዋት፣ ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. የተመረቀው ታላቁ የሕዳሴ ግድብ ደግሞ 5150 ሜጋ ዋት የማመንጨት አቅም አላቸው። በአሸጎዳና በአዳማ ነፋስም ተጨምሯል።

ውሃ ግን ዝናብ ይጠብቃል። በግንቦት 2011 ዓ.ም. የግልገል ጊቤ ሦስተኛ ውሃ በመቀነሱ መብራት በፈረቃ እንደ ታደለ የምናስታውስ ብዙዎች ነን። እዚህ ላይ ቆም ብለን ብናስተውል የአገራችን ፀሐይና ዝናብ እየተፈራረቁ እንደሚሠሩ እናያለን። ክረምት ደመናው ፀሐይን ሲሸፍን ግድቦቹ ይሞላሉ፤ በጋ ግድቡ ሲጎድል ፀሐይ ትበረታለች። በበጋ ቀን ቀን የፀሐይ ሰሌዳ ቢሠራ ውሃው ለማታ ይቆጠባል። ግድቡ እንደ ትልቅ ባትሪ ይሆናል ማለት ነው። ብዙ አገሮች የፀሐይን ኃይል ለማስቀመጥ ውድ ባትሪ ሲገዙ እኛ ማስቀመጫውን ቀድመን ገንብተናል። በእኛ አስተያየት ፀሐይንና ግድብን እንደ ተቀናቃኝ ማየት ትልቅ ስሕተት ነው።

ሽቦው ያልደረሰበት

ይህ ሁሉ ሆኖ ከሕዝባችን ኤሌክትሪክ የሚያገኘው ገና ግማሽ ያህሉ ነው። በ2010 ዓ.ም. የወጣው ብሔራዊ የኤሌክትሪክ መርሐ ግብር እ.ኤ.አ. እስከ 2025 ለሁሉም ለማዳረስ አስቦ ነበር። በ2011 ዓ.ም. የተሻሻለው ዕቅድም ከመቶ 65 ያህሉ በዋናው መስመር፣ 35 ያህሉ ደግሞ ከመስመር ውጭ፣ በአብዛኛው በፀሐይ እንዲያገኝ መደበ። ቀኑ ደረሰ፤ ግቡ ግን ገና ነው። አባወራው በተራራና በሸለቆ ተበታትኖ በሚኖርበት አገር ምሰሶ እየተከሉ ሽቦ መዘርጋት እጅግ ውድ ነው።

የፀሐይ መብራት ለገጠራችን አዲስ እንዳልሆነም እናስታውስ። እ.ኤ.አ. በ1985 ሚቶ በምትባል መንደር 10.5 ኪሎ ዋት የሚሰጡ ሰሌዳዎች ተተክለው ለ300 ያህል ቤቶች መብራት ሰጡ፤ በ1989 ወደ 30 ኪሎ ዋት አድጎ ለውሃ መሳቢያና ለእህል ወፍጮ እንዲበቃ ተደረገ። በሰሜን ሸዋ፣ በመርሐ ቤቴ አካባቢ ያለችው ሬማ ደግሞ በ1999 ዓ.ም. ገደማ በአንድ የጀርመን የፀሐይ ኃይል ድርጅት አማካይነት ከአንድ ሺህ በላይ ቤቶቿ ትንንሽ ሰሌዳና አምፖል አገኙ። ከሬማ የምንማረው ከመብራቱ ይልቅ አብሮት የመጣውን ነገር ነው፤ እዚያው መንደር ውስጥ የፀሐይ ኃይል ቴክኒሺያን የሚያሠለጥን ትምህርት ቤት ተከፈተ። ሽቦ ሲበጠስ የሚጠግነው ሰው አዲስ አበባ ሳይሆን እዚያው ነበር።

ሒሳቡን እንሥራ

አሁን እርሳሱን እናንሣ። አንድ ጤና ኬላ እያንዳንዳቸው 5 ዋት የሚስቡ 4 አምፖሎች ቢኖሩትና በየምሽቱ 5 ሰዓት ቢያበሩ 100 ዋት ሰዓት ይፈልጋል። ሦስት ስልኮች ለመሙላት 30፣ ለሬዲዮ 20 እንጨምር። ድምሩ በቀን 150 ዋት ሰዓት ነው። በሽቦና በባትሪ የሚባክን ስላለ በ1.3 እናባዛው፤ 195 ይሆናል። ሰሌዳው በክረምትም እንዲበቃ ፀሐይዋን በ5 ሳይሆን በ4 ሰዓት እናስላ። 195 ለ4 ሲካፈል 49 ዋት ያህል ነው። አቧራውንና እርጅናውን አስበን 80 ዋት ሰሌዳ ብንገዛ አናፍርበትም።

ባትሪው ለሦስት ደመናማ ቀናት እንዲበቃ 450 ዋት ሰዓት መስጠት አለበት። የእርሳስና የአሲድ ባትሪ ከግማሹ በላይ ከተራገፈ ቶሎ ስለሚሞት 900 ዋት ሰዓት የሚይዝ እንፈልጋለን፤ ይህም በ12 ቮልት 75 አምፔር ሰዓት ማለት ነው። የመኪና ባትሪ ግን አይሆንም። የመኪና ባትሪ ሞተር ለማስነሣት በአንድ ጊዜ ብዙ እንዲሰጥ የተሠራ ነው፤ ሌሊቱን ሙሉ ቀስ እያለ መራገፍ ይገድለዋል። መርካቶ ገብቶ በርካሹ መኪና ባትሪ የገዛ ኮሚቴ በዓመቱ ተመልሶ ይገዛል። አዲሱ የሊቲየም ዓይነት ዋጋው ከፍ ቢልም ዕድሜው ብዙ እጥፍ ስለሆነ፣ ገንዘቡ ከተገኘ እኛ እርሱን እንመርጣለን።

«እንግዲያስ ምጣድ ይጨመርበት» የሚል ወንድም በየጉባኤው አይጠፋም። የኤሌክትሪክ ምጣድ 3500 ዋት ያህል ይስባል። አንድ ሰዓት ተኩል ብንጋግርበት ከ5 ኪሎ ዋት ሰዓት በላይ ይበላል፤ ይህም ያንን ጤና ኬላ 35 ሌሊት የሚያበራ ነው። እንጀራውን ለተሻሻለ ምድጃ እንተውለት፤ የማገዶው ጉዳይ ራሱን የቻለ ትምህርት ያስፈልገዋል። የክትባት ማቀዝቀዣም ከዚህ ሒሳብ ውጭ ነው። እርሱ የራሱ ሰሌዳ ያለው፣ ቅዝቃዜውን በበረዶ የሚያኖር፣ ያለ ባትሪ የሚሠራ ዓይነት አለ። ከእርሱ መስመር ላይ አምፖል መቀጠል ክትባቱን ማበላሸት ስለሆነ ሠራተኞቻችን በጥብቅ ይከልክሉ።

አገጣጠሙ

ከአውሮፓ የመጣ የመግጠሚያ መመሪያ ሰሌዳውን በጣም አዘንብሉት ቢል አትስሙት። መመሪያው ፀሐይ ዝቅ ብላ ለምትሄድበት አገር የተጻፈ ነው። አዲስ አበባ በ9 ዲግሪ ላይ ስላለች ፀሐይ በዓመት ሁለት ጊዜ፣ በሚያዝያ መጀመሪያና በነሐሴ መጨረሻ ገደማ፣ ልክ በአናታችን ላይ ታልፋለች፤ በመካከሉ ባሉት ወራት እንዲያውም በሰሜን በኩል ናት። ስለዚህ ሰሌዳው ወደ ደቡብ ከ10 እስከ 15 ዲግሪ ብቻ ቢያዘነብል ይበቃል፤ ይህቺ ዘንበል ማለት ዝናቡ አቧራውን እንዲያጥበውም ትረዳለች።

ጥላ ሌላው ጠላት ነው። በሰሌዳው ውስጥ ያሉት ክፍሎች እንደ ሰንሰለት የተያያዙ ስለሆኑ ከጠርዙ ላይ ያረፈ የባሕር ዛፍ ቅርንጫፍ ጥላ የብዙውን ጉልበት ይወስዳል። በከተማም እንዲሁ ነው። በቂርቆስ ዝቅተኛ ቆርቆሮ ጣሪያ ያለው ጸሎት ቤት አጠገብ ፎቅ ቢሠራ ከሰዓት በኋላ ፀሐይ አታገኙም፤ ከመግዛታችሁ በፊት ጥላውን ጠዋት፣ ቀትርና ማታ ተመልከቱ። ለከተማ ጣሪያ ደግሞ ከኤሌክትሪክ ሰሌዳ በፊት በፀሐይ ውሃ የሚያሞቀውን በርሜል እንመክራለን፤ ባትሪ አያሻውም። (ፍልውሃ አጠገባችን እያለ ውሃ ለማሞቅ መድከማችን ቢያስቅም ሁሉ ሰው ፍልውሃ ዳር አይኖርም።)

በ2017 ዓ.ም. መጀመሪያ አብዛኛው የካዛንቺስ ሠፈር ፈርሶ ብዙ ቤተሰቦች ወደ ከተማዪቱ ዳርቻ ተዛውረዋል፤ ጉባኤዎችም ተበትነዋል። ስለዚህ በከተማ ለሚገጠም መሣሪያ በብሎን የሚፈታና የሚነሣ ማሰሪያ ይሻላል። በሲሚንቶ የተቀበረ እግር ከቤቱ ጋር ይቀራል።

የሣጥኑ ነገር

ሰሌዳው 25 ዓመት ሊያገለግል ይችላል፤ የአሲድ ባትሪው ግን በመልካም አያያዝ ሦስት ወይም አራት ዓመት ነው። ስለዚህ ማኅበረ ምእመናን «ስንት እናዋጣ?» ሲሉን የምንመልሰው፣ ከምታዋጡት ገንዘብ ገሚሱን ብቻ ለዕቃ አውሉ፤ ቀሪው ለመግጠሚያ፣ ከመንደሩ አንድ ወንድና አንዲት ሴት ለማሠልጠንና ለመጀመሪያው የባትሪ ቁጠባ ይሁን እያልን ነው። ይህ ምክር የሰሌዳውን ቁጥር ስለሚቀንስ አንዳንድ ኮሚቴዎችን ቅር ያሰኛል። አሥር ጤና ኬላ በሪፖርት ከማብዛት አምስቱ በአምስተኛው ዓመት ቢያበሩ ይሻላል ብለን እናምናለን።

መንደሩም ባዶ እጁን አይቁም። የባትሪው ዋጋ ለ36 ወር ይካፈልና በየወሩ የሚደርሰው በቁጠባ ይግባ። ለስልክ መሙያ የሚከፈል ጥቂት ብር ብዙ ጊዜ የዚህን ገሚስ ይሸፍናል፤ ሳጥኑ በሁለት ቁልፍ ይዘጋ፣ አንዱ በጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኛዋ፣ ሌላው በመንደሩ ሽማግሌ እጅ ይሁን። የሠለጠኑት ሁለቱ ሰዎች ሰሌዳውን በየሳምንቱ በእርጥብ ጨርቅ ይጥረጉ፤ የአሲድ ባትሪ ከሆነ የባትሪ ውሃ በየወሩ ይመልከቱ፤ የቧንቧ ውሃ ግን አይጨመር።

በባትሪው ሣጥን ክዳን ውስጠኛ ገጽ ላይ አንድ ካርቶን ይለጠፍ። በላዩ የተገጠመበት ቀን፣ የገጠመው ሰው ስም፣ ውሃ የታየበት ወር ሁሉ፣ በቁጠባው ያለው ብርና የሚቀጥለው ባትሪ የሚገዛበት ወር ይጻፍ። ከአዲስ አበባ ጎብኚ ሲመጣ መጀመሪያ የሚያየው ያንን ካርቶን ይሁን፤ አምፖሉን ከዚያ በኋላ ያብራው።