ሸክላን ወደ ዲጂታል ስለ መገልበጥ

ሸክላ መገልበጥ ምን ጣጣ አለው የሚሉን ጓደኞች አሉ። ጣጣው ከመርፌው ይጀምራል። መርፌው በቦዩ ውስጥ ሲሄድ መንቀጥቀጡ ወደ ኤሌክትሪክ ይለወጣል፤ መሣሪያውም ይኸንኑ በየሰከንዱ፥ በሲዲ ልክ 44,100 ጊዜ፥ ከዚያ በላቀ ጥራት ደግሞ ለምሳሌ 96,000 ጊዜ ይለካዋል። ታዲያ ቦዩ አቧራ ከያዘ የልኬቱ መብዛት አቧራውን አጥርቶ ለመቅዳት ብቻ ነው። መታጠቡ ይቅደም እንላለን።

አምሃ እሸቴ እ.ኤ.አ. በ1969 ያቋቋመው አምሃ ሬከርድስ፥ ኋላም ካይፋ ሬከርድስ ካሳተሟቸው ሸክላዎች ብዙዎቹን ፍራንሲስ ፋልሴቶ ከ1997 ጀምሮ «ኢትዮፒክስ» በሚል ስም በሲዲ አውጥቷቸዋል። ሁሉን ግን አላወጣም። ስለዚህ ከመካከላችን በእንጅባራም ሆነ በዳንግላ ከአሮጌ ሣጥን ሸክላ ያገኘ አይጣለው። ሲያጥበውም የመካከሉን ወረቀት ውኃ አያስነካው፤ የዘፋኙና የአሳታሚው ስም ያለው እዚያ ላይ ነውና።